ንጉሥ ላሊበላና በወንጌል ላይ የሰፈረ መብት

የንጉሥ ላሊበላ ስም በተነሣ ቍጥር አስቀድመው የሚታሰቡት በላስታ ተራሮች መካከል ከአለት ተፈልፍለው የታነጹት 11 አብያተ ክርስቲያናት ናቸው። በ1970 ዓ.ም. በዓለም ቅርስነት የተመዘገቡት እነዚህ ሕንፃዎች በትውፊት ሁሉም የእርሱ ሥራ ይባላሉ። ለሕግ ባለሙያ ግን ሌላም ሥራ ትቶለታል፤ ይኸውም የተሰጠ መብት በጽሑፍ ሰፍሮ፣ በምስክር ጸንቶ፣ ለሌላው ወገን ሁሉ የታወቀ እንዲሆን ማድረጉ ነው።

ላሊበላ ከዛጕዌ ነገሥታት አንዱ ሲሆን፣ የነገሠው በ12ኛው ምእት ዓመት መጨረሻና በ13ኛው መጀመሪያ እንደ አውሮጳ አቈጣጠር ነው። የዙፋን ስሙ ገብረ መስቀል ነበር። ገድሉ የተጻፈው እርሱ ካረፈ ከብዙ ዘመን በኋላ ስለሆነ ታሪክንና ትውፊትን አዋሕዶ ይተርካል። በተወለደ ጊዜ ንቦች እንደ ከበቡት፣ እናቱም ንቦች ንግሥናውን ዐወቁለት ስትል ስሙን እንዳወጣችለት፣ ከወንድሙ ከሐርቤም ብዙ መከራ ተቀብሎ በመጨረሻ ዙፋኑን እንደ ተረከበው ይነገራል።

በዘመኑ ከተደረጉት የመሬት ስጦታዎች አንዳንዶቹ ዛሬ በኤርትራ በሚገኘው በሽመዛና ደብረ ሊባኖስ ገዳም፣ የወርቅ ወንጌል በተባለው መጽሐፍ ላይ ተጽፈው ቆይተዋል። በአገራችን ታሪክ እጅግ ጥንታዊ ከሆኑት የመሬት ሰነዶች ይቈጠራሉ። ሰጪው፣ ተቀባዩና የተሰጠው ነገር ይጠቀሳሉ፤ የሹማምንት ስም ይዘረዘራል፤ ስጦታውን በሚያፈርስ ላይም ውግዘት ይወርዳል። ወንጌል የተመረጠበትም ምክንያት ግልጽ ነው። መጽሐፉ ከቤተ ክርስቲያን አይወጣም፤ ቅጠሉን መቅደድ ድፍረት ነው።

እነዚህ ጽሑፎች የስጦታ እንጂ የብድር መያዣ አይደሉም። መሬትም ከቦታው አይነቃነቅም፤ ተንቀሳቃሽ ንብረት ግን ከእጅ ወደ እጅ ይዞራል፤ ላም በአንድ ሌሊት ተነድታ ትሄዳለች። ትውፊት እንደሚለው ላሊበላ በባለቤቱ በንግሥት መስቀል ክብራ ምክር ዙፋኑን ለወንድሙ ልጅ ለነአኵቶ ለአብ ለቀቀ። ጥቂት ቈይቶ ግን ወታደሮች የአንድ ድኻ ገበሬን ብቸኛ ላም ለቤተ መንግሥት ማዕድ ስለ ወሰዱ፣ ንግሥቲቱ ባልዋ ተመልሶ እንዲነግሥ መከረችው። በዚህ ትረካ የአንድ ቤተሰብ ዕቃ ከዙፋን ጋር ተመዝኗል።

የዛሬውም ሕግ የሚደክመው በዚሁ ጉዳይ ነው። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ በመርሕ ደረጃ መያዣ የሆነው ዕቃ ከባለዕዳው እጅ እንዲወጣ ያዛል። ይህ ሌላውን ወገን ያስጠነቅቃል፤ ነገር ግን የልብስ መኪናውን ያስረከበ ልብስ ሰፊ በምን ሠርቶ ዕዳውን ይከፍላል? በ2011 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቍጥር 1147 ዕቃው በባለዕዳው እጅ እንዳለ የአበዳሪው መብት በብሔራዊ ባንክ ሥር ባለው የኤሌክትሮኒክ መዝገብ ገብቶ በሦስተኛ ወገን ላይ እንዲጸና ፈቀደ። በአሜሪካ ሕግ ደግሞ ለቤት አገልግሎት የሚውል ዕቃ በዱቤ የሸጠ ነጋዴ፣ ከተሽከርካሪና ከመሰሉት በቀር፣ መብቱ ያለ ምዝገባ ይጸናለታል፤ የትንንሹን ሽያጭ ሁሉ መመዝገብ ወጪው ይበዛልና። ሆኖም ያው ዕቃ ከተጠቃሚው ላይ ሳያውቅ፣ ዋጋ ከፍሎ ለቤቱ የገዛ ሌላ ሰው ከዚህ መብት ነጻ ሆኖ ይወስደዋል፤ ነጋዴው ይህን የሚከላከለው አስቀድሞ በማስመዝገብ ብቻ ነው።

ላሊበላ ካረፈ በኋላ በትውፊት የተቀበረው በቤተ ጎልጎታ ነው። ውግዘት የጠበቀውን ዛሬ መዝገብ ይጠብቃል። መዝገብ ግን ሰው ሲገልጠው ብቻ ያስጠነቅቃልና፣ ውል የሚያዘጋጅ የሕግ ባለሙያ መብቱን ከማስመዝገቡ አስቀድሞ ሌላው ያስመዘገበውን ሊመረምር ይገባዋል።