ንጉሥ ሚካኤል ዘወሎ

ከጦሳ ተራራ ሥር ያለችው ደሴ ለወሎ መናገሻ እንድትሆን ያደረጉ ንጉሥ ሚካኤል ናቸው። የተወለዱት በ1840ዎቹ ዓመታት ሲሆን፥ አባታቸው ኢማም ዓሊ አባ ቡላ ከወረ ሂመኖ ገዢዎች ወገን ስለ ነበሩ የልጅነት ስማቸው መሐመድ ዓሊ ነበረ።

በ1870 ዓ.ም. በግንቦት ወር ዐፄ ዮሐንስ አራተኛ በደሴ አጠገብ በቦሩ ሜዳ ጉባኤ አደረጉ፤ የሸዋው ንጉሥ ምኒልክም ተገኝተው ነበር። ሊቃውንቱ ተከራክረው የሦስት ልደት ባህል ከተወገዘ በኋላ፥ የወሎ እስላም መኳንንት ወይ እንዲጠመቁ ወይ ሹመታቸውን እንዲለቁ ተቈረጠ። ኢማም መሐመድ ዓሊ ዐፄ ዮሐንስን የክርስትና አባት አድርገው ሚካኤል ተባሉ፤ ተፎካካሪያቸው አመዴ ሊበንም በምኒልክ አባትነት ኃይለ ማርያም ተባሉ። ሕዝቡ ግን እንደ መኳንንቱ በቶሎ አልተመለሰም። በግድ መጠመቅን የጠላው ብዙ ሰው ተሰደደ፤ ሸኽ ጦልሃም ዐመፅ አነሡ። በጉባኤ የተወሰነውን በሀገር ማስፈጸም እንዴት ያለ ጭንቅ እንደ ሆነ ራስ ሚካኤል ያወቁት በገዛ ዘመዶቻቸው መካከል ነው።

ዐፄ ዮሐንስ በ1881 ዓ.ም. በመተማ ከወደቁ በኋላ ራስ ሚካኤል ለምኒልክ ገብተው ልጃቸውን ወይዘሮ ሸዋረጋን አገቡ፤ ልጅ ኢያሱም ከዚህ ጋብቻ ተወለዱ። የካቲት 23 ቀን 1888 ዓ.ም. በዓድዋ የወሎን ፈረሰኛ እየመሩ ከሌሎቹ ራሶች ጋር በማርያም ሸዊቶ ሸለቆ የጄኔራል ዳቦርሚዳን ጦር ደመሰሱ።

በደሴም በግቢያቸው የመድኃኔ ዓለምን ቤተ ክርስቲያን ሠሩ፤ አይጠየፍ የተባለውንም ታላቅ አዳራሽ አቆሙ፤ ስሙ ባለጠጋና ድኻ ሳይለይ ሁሉ የሚገባበት ለማለት ነው። ከታች ከኮምቦልቻ ሜዳ የሚወጣው ነጋዴ ከላይ ከአምባሰልና ከየጁ ከሚወርደው ጋር በከተማይቱ ይገናኝ ነበር፤ በ1890ዎቹም ዓመታት ከአዲስ አበባ ወደ አስመራ የተዘረጋው የቴሌግራፍ መስመር በዚያው በኩል አለፈ።

ዐፄ ምኒልክ ታመው በ1901 ዓ.ም. የልጅ ልጃቸውን ኢያሱን አልጋ ወራሽ ባደረጉ ጊዜ፥ አቡነ ማቴዎስ ይህን ትእዛዝ የሚያፈርሰውን በውግዘት አሰሩ። ንጉሠ ነገሥቱም በ1906 ዓ.ም. አረፉ። በዚሁ ዓመት በግንቦት 23 ቀን ራስ ሚካኤል በደሴ በአቡነ ጴጥሮስ እጅ ተቀብተው የወሎና የትግሬ ንጉሥ ሆኑ። ልጁ ዘውድ ሳይጭን አባቱ መንገሡ ለሸዋ መኳንንት ደስ የሚያሰኝ ነገር አልነበረም።

ልጅ ኢያሱ ወደ እስልምና አዘንብለዋል ተብለው ተከሰሱና፥ መስከረም 17 ቀን 1909 ዓ.ም. መኳንንቱና ካህናቱ በአዲስ አበባ ተሰብስበው ሻሯቸው፤ በ1901 ዓ.ም. ያወገዙት አቡነ ማቴዎስ ራሳቸው መኳንንቱን ከመሐላው ፈቷቸው። ንጉሥ ሚካኤል ሥልጣናቸውን ያገኙት የአንዱን ጉባኤ ቃል በመቀበል ነበር፤ የዚህኛውን ግን ሊቀበሉት አልቻሉም። የአባትን ፍቅር ለሚያውቅ ሰው ይህ አይደንቅም፤ ከዚህም በላይ የቀድሞው ውግዘት የተጣለው ስለ ልጃቸው ነበርና፥ መሐላውን ጠባቂው ማን፥ አፍራሹስ ማን እንደ ሆነ በዚያ ዘመን ለመፍረድ ቀላል አልነበረም።

ጥቅምት 9 ቀን ቶራ መስክ ላይ የሸዋን ግንባር ቀደም ጦር ድል አደረጉ፤ ራስ ልዑል ሰገድም በዚያ ወደቁ። ሁለተኛው ውጊያ እስኪደርስ ስምንት ቀን አለፈ፤ በዚህም መካከል ፊታውራሪ ሀብተ ጊዮርጊስና አልጋ ወራሹ ራስ ተፈሪ ጦራቸውን ለማጠናከር ጊዜ አገኙ፤ ነገሩን የቈረጠው ይህ መዘግየት ይመስላል። ጥቅምት 17 ቀን በሰገሌ ሁለቱ ሠራዊት ተላለቁ፤ ልጅ ኢያሱ ሳይደርሱላቸው ንጉሡ ተማረኩ። በአዲስ አበባ በንግሥት ዘውዲቱ ፊት በሰንሰለት ታስረው አለፉ፤ የዓድዋ ጓደኞቻቸውም ቆመው አዩ። በ1910 ዓ.ም. በእስር እንዳሉ አረፉ።

ድል ያደረጓቸው ራስ ተፈሪ የልጃቸው የወይዘሮ ስኂን ልጅ የወይዘሮ መነን ባል ነበሩ። ጥቅምት 23 ቀን 1923 ዓ.ም. ዐፄ ኃይለ ሥላሴ ሲነግሡ የንጉሥ ሚካኤል የልጅ ልጅ አብረው የእቴጌነት ዘውድ ጫኑ፤ በደሴም በወይዘሮ ስኂን ስም ትምህርት ቤት ተሠራ።