የሉዊስ ቡኙኤል የሕይወት ታሪክ

ሲኒማ የምንወድ ሁሉ የተዋንያንን ስም እናውቃለን፤ ፊልሙን ቆርጦ የቀጠለው ማን እንደ ሆነ የሚጠይቅ ግን ጥቂት ነው። በቀፊራ ገበያ የተዘረጋው ጣቃ ሰፊው ካልቆረጠውና ካልሰፋው ልብስ እንደማይሆን ሁሉ፥ በካሜራ የተነሣውም ሥዕል መቀስ ካልገባበት ፊልም አይሆንም። ታሪኩን የምጽፍለት ሰው ይህን ሥራ በድኽነትም በስደትም የሠራ ነው። ዘመኑን ሁሉ የጻፍሁት በአውሮፓ አቈጣጠር ነው።

ሉዊስ ቡኙኤል በፌብሩዋሪ 22 ቀን 1900 በእስፓኝ አገር ካላንዳ በምትባል መንደር ተወለደ። በሳራጎሳ ከኢየሱሳውያን ካህናት ዘንድ ከተማረ በኋላ ወደ ማድሪድ ሄዶ ከባለቅኔው ከጋርሲያ ሎርካና ከሠዓሊው ከዳሊ ጋር ወዳጅነት መሠረተ። በ1929 በፓሪስ ከዳሊ ጋር ሆኖ የመጀመሪያ ፊልሙን ያወጣው እናቱ በሰጠችው ገንዘብ ነበር።

ከዚህም በኋላ ላስ ኡርዴስ በሚባለው የተራራ አገር የሚኖሩትን ድኾች ኑሮ በፊልም ለማንሣት አሰበ፤ ገንዘብ ግን አልነበረውም። ራሞን አሲን የሚባል መምህር ወዳጁ ሎተሪ ቢደርሰኝ ወጪውን እችላለሁ ብሎ ቃል ገብቶለት ነበርና፥ ዕጣው በእውነት ስለ ወጣለት ቃሉን ፈጸመ። ፊልሙ በ1933 ተነሣ። የመቀጠያ መሣሪያ የሚገዛበት ገንዘብ ስላልተረፈ፥ ቡኙኤል በወጥ ቤት ጠረጴዛ ላይ ተቀምጦ፥ አጉልቶ በሚያሳይ መነጽር እያንዳንዱን ሥዕል እየተመለከተ በእጁ ቈርጦ ቀጠለው። መንግሥት ግን የአገርን ስም ያጐድፋል ሲል ከለከለው።

በ1936 የእስፓኝ የእርስ በርስ ጦርነት ተነሣ። በዚያው ዓመት በሜይ ወር ጦሩ የእኛን ድሬዳዋን የያዘው ሙሶሊኒ፥ ለጄኔራል ፍራንኮም ወታደርና አይሮፕላን ላከለት። አሲንና ሎርካ በኦገስት ወር በጥይት ተገደሉ። ቡኙኤል የአሲንን ገንዘብ በኋላ ለሁለቱ ሴቶች ልጆቹ መለሰ።

ስደተኛ ሆኖ ኒውዮርክ በደረሰ ጊዜ፥ በዘመናዊ ሥነ ጥበብ ሙዚየም ፊልም የማሳጠርና የማቀናበር ሥራ ተሰጠው። ሂትለርን ለማወደስ የተሠራውን ረጅም ፊልም አሳጥሮ፥ ሰዎች የጠላትን የስብከት ስልት እንዲረዱ አድርጎ አቀረበው። ዳሊ በመጽሐፉ እምነት የለውም ብሎ ስለ ጻፈበት ግን ወቀሳ በዝቶበት በ1943 ሥራውን ለቀቀ።

በ1946 ወደ ሜክሲኮ ገብቶ በ1949 ዜግነት አገኘ። በ1950 ስለ ከተማ ችግረኛ ልጆች የሠራው ፊልም በመጀመሪያ ብዙ ቁጣ አስነሣ፤ በ1951 ግን በካን ከተማ ሽልማት ተቀበለበት። ገና ፊልም ሲያነሣ ሥዕሉ የት እንደሚገባ አስቀድሞ ያስብ ስለ ነበር፥ ቈርጦ የሚጥለው እጅግ ጥቂት ነበረ፤ ቀጠላውም በጥቂት ቀን ያልቅ ነበር።

በ1961 ወደ እስፓኝ ተመልሶ ቪሪዲያና የተባለውን ፊልም ሠራ፤ ቀጣዩም ፔድሮ ዴል ሬይ ነበር። የመንግሥት መርማሪዎች መጨረሻው እንዲለወጥ አዘዙ። ቡኙኤል ትእዛዙን ተቀብሎ ለወጠው፤ ነገር ግን አዲሱ መጨረሻ ከፊተኛው ይልቅ የሚነካ ሆነ። ፊልሙ በካን ታላቁን ሽልማት ቢያገኝም በእስፓኝ ስለ ተከለከለ፥ የአገሩ ሰዎች ያዩት ፍራንኮ ከሞተ በኋላ በ1977 ነው። ቡኙኤልም በጁላይ 29 ቀን 1983 በሜክሲኮ ከተማ ዐረፈ።

ወዳጆቼ ሆይ፥ ከዚህ ታሪክ ሁለት ዓይነት መቀስ እንዳለ እንረዳለን፤ አንዱ እውነቱ ጐልቶ እንዲታይ ትርፉን ይቈርጣል፥ ሁለተኛው ትርፉን ትቶ እውነቱን ይቈርጣል። እኛም ነገ ብዕርም ሆነ ካሜራ በእጃችን ሲገባ የትኛውን መቀስ እንደምንይዝ ከዛሬ ጀምረን እናስብበት።