ደራስጌን የሠራው ሰው

እንደሚታወቀው የቱሪዝም ተማሪ ከመመረቁ በፊት ቢያንስ አንድ የመስክ ጉዞ ያደርጋል። እኛም የሁለተኛ ዓመት ተማሪዎች ሳለን፣ መንገዱ ሰላም በነበረበት ጊዜ፣ በሁለት ላንድክሩዘር ተጭነን ከጎንደር ተነስተን በደባርቅና በስሜን ተራሮች ብሔራዊ ፓርክ በኩል እስከ ጃናሞራ ደርሰን ነበር። ሪፖርቱ ተጽፎ ገብቷል፣ ማርኩም ተሰጥቷል። ስለ ጭላዳና ስለ ዋልያ ሌሎች ጓደኞቼ ስለጻፉ እኔ ያንን አልደግምም። እኔ የምጽፈው በዚያ ጉዞ ላይ ስላፈርኩበት ሰው ነው። ሰውዬው ደጃዝማች ውቤ ኃይለማርያም ይባላል፤ ከሞተ ከመቶ ሃምሳ ዓመት በላይ ሆኖታል።

ነገሩ እንዲህ ነው። መምህራችን ለእያንዳንዳችን አንድ አንድ ቦታ ሰጥተውን ነበር። እዚያ ስንደርስ ተማሪው ጋይድ ሆኖ ለሌሎቻችን ያስጎበኛል፣ እሳቸው ማርክ ይሰጣሉ። ለአንዱ ቆሶዬ ደረሰው፣ ለአንዷ ሊማሊሞ፣ ለሌላው ሳንቃበር። ለእኔ የደረሰኝ ደራስጌ ማርያም ነበረች። እውነቱን ለመናገር ደስ ነው ያለኝ። ደራስጌ ማለት አፄ ቴዎድሮስ ዘውድ የጫኑበት ቤተክርስቲያን ነው፤ ስለ ቴዎድሮስ ደግሞ የጎንደር ልጅ ምን ማጥናት ያስፈልገዋል? ከአንደኛ ክፍል ጀምሮ የሰማነው ነው። አንድ ገጽ ተኩል ጻፍኩና በቃሌ ያዝኩ። በዚያ ገጽ ተኩል ውስጥ ውቤ የሚለው ስም የተጠቀሰው አንድ ጊዜ ብቻ ነበር፤ ያውም ተሸናፊ ተብሎ።

ከጎንደር የወጣነው ከንጋቱ 11 ሰዓት ነው። ወለቃን፣ አምባ ጊዮርጊስን፣ ዳባትን አልፈን ደባርቅ ቁርስ በላን፤ ከፓርኩ ጽሕፈት ቤት ስካውቶች ያዝንና ፒስታውን ጀመርነው። የመጀመሪያው ሌሊት ጨነቅ አደርን። ከ3,600 ሜትር ከፍታ በላይ ስለሆነ ብርዱ አጥንት ይሰብራል። በማግስቱ ግን እውነተኛው መንገድ መጣ። መኪናዋ በቧሂት ትከሻ ላይ ስትወጣ ሹፌራችን አራቱንም ጎማ አስገብተው በአንደኛ ማርሽ እያስጓሩ፣ በግራም በቀኝም ጅብራ ብቻ፣ ከታች ደግሞ ዐይን የማይጨርሰው ገደል። ከቧሂት ማዶ የመሸሃ ወንዝ ሸለቆ ይታያል፣ ከሸለቆው ባሻገር ራስ ደጀን፣ ከዚያም ወዲያ ምድሩ እየተሰነጣጠቀ ወደ ተከዜ ቆላ ይወርዳል። ሹፌራችን በአርባ ደቂቃ የሚታይ የሚመስለውን ኮረብታ ግማሽ ቀን ነዱበት። እኔ በዚያን ሰዓት ያሰብኩት ስለ ወገቤ ነበር እንጂ ስለ ታሪክ አልነበረም። አሁን ሳስበው ግን የውቤ ታሪክ ግማሹ እዚያው መስኮት ላይ ተዘርግቶ ነበር። ይህንን ገደል የያዘ ሰው በቀላሉ አይነቀልም።

ደራስጌ ስንደርስ ሁለተኛዋ መኪና አልነበረችም። ጎማ ፈንድቶባት ወደ ኋላ ቀርታለች፤ መምህራችንም እሷ ውስጥ ናቸው። የእኛ መኪና ልጆች ግን መጠበቅ ሰለቻቸውና ጀምር አሉኝ። ጀመርኩ። ቋራ፣ ካሳ፣ ጉር አምባ፣ አይሻል፣ ከዚያ ደራስጌ፣ ከዚያ ዘውድ። ጥሩ አድርጌ ተናገርኩ መሰለኝ፤ ልጆቹ አጨበጨቡልኝ።

በጥላው ሥር ቁጭ ብለው የሚያዳምጡ አንድ ሽማግሌ ቄስ ነበሩ። ስጨርስ መርቀውኝ ሲያበቁ በጣም በትሕትና ሁለት ነገር ጠየቁኝ። ንጉሡ ዘውድ የጫኑባትን ቤተክርስቲያን ማን እንደሠራት፤ ዘውዱን የጫኑላቸውንም አቡን ከግብፅ ማን እንዳስመጣቸው። ሁለቱንም መልስ የሆነ ቦታ አንብቤው ነበር። ግን ለእኔ ወሬ አይጠቅምም ብዬ ነው የተውኩት። መልሱ ሁለት ጊዜ ውቤ ነበር። ቄሱ ምንም አልተናገሩኝም፤ እኔ ግን ፊቴ ጋለ። አንድ ሰው በገዛ ቤቱ ደጃፍ ላይ ቆሜ ስሙን ሳልጠራ ማስጎብኘቴ ነበር።

ውቤ የስሜኑ ገዥ የደጃዝማች ኃይለማርያም ገብሬ ልጅ ነው። አያቱ ራስ ገብሬም ስሜንን ገዝተዋል፤ ስለዚህ አገሩ ለእሱ የአባት ርስት ነበር። አባቱ ሲሞት፣ በ1818 ዓ.ም. ገደማ፣ ወንበሩን ያዘ። ጊዜው ዘመነ መሳፍንት ነው። ጎንደር ላይ ንጉሥ አለ ግን አያዝም፤ የሚያዙት ደብረታቦር የተቀመጡት የየጁ ራሶች ናቸው። ውቤ መጀመሪያ ላይ ከትግሬው ገዥ ከደጃዝማች ሱባጋዲስ ጋር በየጁዎቹ ላይ ተስማምቶ ነበር። ራስ ማርዬ ስሜንን ሲወጋ ግን ከተከዜ ማዶ ይመጣል የተባለው እርዳታ ሳይመጣ ቀረ። ውቤም ለማርዬ ገባ።

ይህችን ቂም የረሳት አይመስልም። በየካቲት 1823 ዓ.ም. በደብረ ዓባይ ጦርነት ውቤ ከማርዬ ጎን ተሰልፎ ሱባጋዲስን ወጋ። ማርዬ በጦርነቱ ሞተ፣ ሱባጋዲስ ደግሞ ተማረከና የየጁ ሰዎች በጌታቸው ደም ገደሉት። ሁለቱ ትልልቆች በአንድ ሰሞን ሲወድቁ ከተከዜ ወዲህም ወዲያም የቀረው ኃይለኛ ሰው ውቤ ሆነ። ትግሬን ያዘ። የሱባጋዲስ ልጆች ለዓመታት ቢዋጉትም አልቻሉትም።

እዚህ ላይ ትንሽ ልቁም፤ ምክንያቱም እኛ በመኪና ያየነው ገደል ትርጉም የሚያገኘው እዚህ ነው። ተከዜ በስሜንና በትግሬ መካከል የተቆፈረ ትልቅ ቦይ ነው። ለብዙ ገዥዎች ወሰን ነበር። ውቤ ግን በሁለቱም አፋፍ ተቀመጠበት። ትግሬን መያዝ ማለት የምጽዋን መንገድ መያዝ ማለት ነው፤ የምጽዋ መንገድ ማለት ደግሞ ጨው፣ ቀረጥ፣ ከሁሉም በላይ ጠመንጃ። በዘመኑ ከነበሩት መሳፍንት መካከል በጠመንጃ ብዛት የሚወዳደረው አልነበረም ይባላል። ሲሸነፍ ወይም ሲፈራ ደግሞ መሸሸጊያ አለው፤ ስሜን። ላንድክሩዘር ያቃተው ዳገት ላይ ማን ያሳድደዋል?

ከጠመንጃ የበለጠ ነገር እንደሚያስፈልግ ግን ገብቶታል። በዚያን ጊዜ አገሪቱ ከአሥር ዓመት በላይ ያለ ጳጳስ ቆይታለች። ካህን የሚሾም የለም፣ ንጉሥ የሚቀባ የለም። ውቤ በ1833 ዓ.ም. ወደ ካይሮ መልእክተኞች ላከ፤ አብሯቸው የሄደው የካቶሊኩ ሚሲዮናዊ ጁስቲኖ ደ ያቆቢስ ነው። መልእክተኞቹ ገና ወጣት የነበሩትን አቡነ ሰላማን ይዘው ተመለሱ። ራሱ ገንዘብ አውጥቶ፣ ራሱ ሰው ልኮ ነው አቡኑን ያስመጣው። ንጉሥ ለመሆን ማሰቡን ያኔ ያልጠረጠረ ያለ አይመስለኝም።

አቡኑ በመጡ በወራት ውስጥ በራስ አሊ ላይ ዘመተ። በ1834 ዓ.ም. ደብረታቦር ላይ ተዋጉ፤ ጠመንጃው ሠራለትና አሊ ሸሸ። ውቤ አሸነፈ። ማታ ድንኳኑ ውስጥ ድሉን ሲያከብር የአሊ ወገን የሆነው ብሩ አሊጋዝ ድንገት ደርሶ ማረከው። አሸንፎ ተማረከ። በየትኛው አገር ታሪክ እንዲህ ያለ ነገር አለ? እኛ ክፍል ውስጥ ስለ ውቤ የሚነገረው ይህ ብቻ ነው፤ ሰክሮ የተያዘው ሰው። ተማሪ ሁሉ ይስቃል፣ እኔም ስቄያለሁ። ነገር ግን ከዚህ በኋላ ተስማምቶ ተለቆ፣ አገሩን መልሶ ይዞ፣ ሌላ አሥራ ሦስት ዓመት መግዛቱን የሚነግረን የለም። በሳቁ ላይ ትምህርቱ ያልቃል።

በእነዚያ ዓመታት ነው ደራስጌን የሠራት። እሱ ዘንድ የመጣው የጀርመኑ የዕፅዋት ተመራማሪ ሺምፐር በ1837 እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር አገራችን ገብቶ እዚሁ የቀረ ሰው ነው፤ ውቤም እንጭቾን ሰጥቶት ነበር። የደራስጌን ሕንፃ የነደፈው እሱ እንደሆነ ይነገራል። ዛንደር የሚባል ሌላ ጀርመናዊ ሠዓሊም በውቤ አገልግሎት ነበር። ይታያችሁ፤ መኪና የሚጮኽበት ዳገት ላይ፣ ሁሉም ነገር በሰው ትከሻና በበቅሎ እየተጫነ። ቄሱ ከጠየቁኝ በኋላ ይዘውኝ ገቡና ሥዕሎቹን አሳዩኝ። ማርክ ለማግኘት ብመጣም ለጥቂት ጊዜ ማርኩን ረሳሁት። ያ ሁሉ ቀለም ለአንድ ቀን ተብሎ የተዘጋጀ መሰለኝ፤ ውቤ ንጉሠ ነገሥት ለሚባልበት ቀን።

ቀኑ መጣ፤ ሰውየው ግን ሌላ ሆነ። የቋራው ካሳ ኃይሉ የጎጃሙን ደጃዝማች ጎሹን፣ ከዚያም ራስ አሊን አከታትሎ ድል ሲያደርግ ከውቤ በቀር የቀረ ትልቅ ባላንጣ አልነበረውም። መጀመሪያ አልተዋጉም፤ ተደራደሩ። በ1846 ዓ.ም. አቡነ ሰላማ ወደ ጎንደር ወደ ካሳ መጡ፤ በለውጡ ደ ያቆቢስ እንዲባረር ሆነ። ለእኔ ውቤ የተሸነፈው ያኔ ነው፤ ጦርነቱ የመጣው በኋላ ነው። የሚቀባው አቡን ከእጁ ወጥቷል። በየካቲት 1847 ዓ.ም. ካሳ ፈጥኖ ስሜን ገባና ደራስጌ ላይ ተዋጉ። ውቤ ተማረከ። በቀናት ልዩነት ውስጥ፣ ውቤ ባሠራት ቤተክርስቲያን፣ ውቤ ባስመጣቸው አቡን እጅ ካሳ ዳግማዊ ቴዎድሮስ ተብሎ ነገሠ።

ከዚያ በኋላ ያለው የውቤ ሕይወት እስር ነው። አሥራ ሁለት ዓመት ያህል ታስሮ ኖሮ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1867 እዚያው አረፈ። ቴዎድሮስ ከዓመት በኋላ መቅደላ ላይ እንዲወድቅ አላወቀም። የወንድሙ ወይም የእህቱ ልጅ የሚባለው አገው ንጉሤ በትግሬ በኩል ሸፍቶ እስከ 1853 ዓ.ም. ተዋግቶ ተገደለ። ልጁ ጥሩወርቅ የአባቷን አሳሪ አግብታ እቴጌ ሆነች፤ ዓለማየሁን ወለደች። እንግሊዝ ተወስዶ በአሥራ ስምንት ዓመቱ የሞተው፣ ዊንዘር የተቀበረው ልዑል ዓለማየሁ የቴዎድሮስ ልጅ ብቻ አይደለም፤ የውቤም የልጅ ልጅ ነው። የምኒልክ ባለቤት እቴጌ ጣይቱ ደግሞ የወንድሙ የብጡል ልጅ ናት። ውቤ ራሱ ያልደረሰበትን ዘውድ የቤቱ ሴቶች ሁለት ጊዜ ደረሱበት።

ውቤን መልአክ ላደርገው አይደለም። ትግሬ ላይ የነበረው አገዛዙ ለገበሬው ቀላል አልነበረም፤ ሠራዊቱ የሚኖረው እንደ ጊዜው ሠራዊት ሁሉ በሰው ጎተራ ነበር። ቴዎድሮስንም ማሳነሴ አይደለም፤ ጎንደር ተወልጄ እንዴት ይሆናል? ግን ጋይድ ስንሆን የምንናገረው አሸናፊውን ብቻ ከሆነ፣ ቱሪስቱ ቀና ብሎ ያንን ሕንፃ ማን ሠራው ሲለን ምን ልንመልስ ነው?

ሁለተኛዋ መኪና ከአንድ ሰዓት በላይ ቆይታ፣ ጎማ ቀይራ፣ አቧራ ለብሳ ደረሰች። መምህራችን እንደወረዱ ደብተራቸውን አወጡና ጀምር አሉኝ። የመጀመሪያዋ መኪና ልጆች ሁለተኛ ላለመስማት ወደ ጥላው ሸሹ። በቃሌ የያዝኩትን ገጽ ተኩል ተውኩት። ከኃይለማርያም ገብሬ ጀመርኩ፤ ደብረ ዓባይን ተናገርኩ፣ በእጄ ወደ ተከዜ እያመለከትኩ የጠመንጃውን መንገድ አሳየሁ፣ ካይሮን፣ ደብረታቦርን፣ ድንኳኑን ሳይቀር። አልሳቁም። ቄሱ እዚያው ቦታቸው ላይ ነበሩ።

የተሰጠኝ 15 ደቂቃ ነበር። ስለ ሕንፃው ገና መናገር ስጀምር ሹፌራችን ሳይመሽ ቧሂትን ማለፍ አለብን ብለው ጥሩንባውን ነፉ። መምህራችን ሰዓታቸውን አይተው ደብተሩን ዘጉት። ዘውዱ ጋ ሳልደርስ ወደ መኪናው ሮጥን፤ ለሰዓት አጠቃቀም ከ5 ያገኘሁት 2 ነው።