ሞኒየር ሞኒየር-ዊሊያምስ

ሰር ሞኒየር ሞኒየር-ዊሊያምስ (እ.ኤ.አ. ኖቬምበር 12 ቀን 1819 – ኤፕሪል 11 ቀን 1899) እንግሊዛዊ የሳንስክሪት ሊቅ፣ በኦክስፎርድ ዩኒቨርሲቲ የቦደን ፕሮፌሰር እና የታወቀው የሳንስክሪት–እንግሊዝኛ መዝገበ ቃላት አዘጋጅ ነበሩ። ዛሬ አንድ የሕፃን ስም በእርግጥ ከሳንስክሪት የመጣ መሆኑን ማጣራት የሚፈልግ ሰው ብዙ ጊዜ መጀመሪያ የሚከፍተው የእርሳቸውን መዝገበ ቃላት ነው። በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት በሙሉ በጎርጎርዮስ አቆጣጠር ናቸው።

የሕይወት ታሪክ

የተወለዱት በቦምቤይ (የአሁኑ ሙምባይ) ሲሆን አባታቸው በዚያ የቅየሳ ሥራ ኃላፊ የነበሩ ኮሎኔል ናቸው። በ1822 ገና ሕፃን ሳሉ ለትምህርት ወደ እንግሊዝ ተላኩ። በኦክስፎርድ ከተማሩ በኋላ የምሥራቅ ሕንድ ኩባንያ ሠራተኞቹን ወደሚያሠለጥንበት የሄይልበሪ ኮሌጅ ገቡ፤ ዓላማቸውም በሕንድ አስተዳደር ውስጥ መሥራት ነበር። ነገር ግን ወንድማቸው በሲንድ በጦርነት ላይ ሞተ። ባላቸው የሞተባቸው እናታቸው ሌላ ልጅ ወደዚያ አገር መስደድ አልፈለጉምና ሞኒየር ሐሳባቸውን ለውጠው ወደ ኦክስፎርድ ተመለሱ፣ ሳንስክሪትንም ከሆራስ ዊልሰን ዘንድ ተማሩ። ከ1844 እስከ 1858 በሄይልበሪ የእስያ ቋንቋዎችን ያስተማሩ ሲሆን፣ በ1851 የእንግሊዝኛ–ሳንስክሪት መዝገበ ቃላት አሳተሙ። የካሊዳሳን ሻኩንታላ የተባለ ድራማም ወደ እንግሊዝኛ ተርጉመዋል።

የ1860 ምርጫ

በ1860 ዊልሰን ሲሞቱ የቦደን ፕሮፌሰርነት ወንበር ክፍት ሆነ። ወንበሩ የተቋቋመው ኮሎኔል ጆሴፍ ቦደን በተናዘዙት ገንዘብ ነው። የኑዛዜው ዓላማ ሳንስክሪትን ማወቅ ቅዱሳት መጻሕፍትን ለመተርጎምና ሕንዶችን ወደ ክርስትና ለመመለስ ይረዳል የሚል ነበር። ሁለት ተወዳዳሪዎች ቀረቡ፦ ሞኒየር ዊሊያምስ እና በጀርመን የተወለደው ማክስ ሙለር። ሙለር ሪግ ቬዳን በማሳተም ላይ የነበረና በአውሮፓ እጅግ የታወቀ ሊቅ ነበር። ሆኖም መራጮቹ የሳንስክሪት አዋቂዎች ሳይሆኑ በጠቅላላ የዩኒቨርሲቲው ምሩቃን ነበሩ፤ ከእነዚህም ብዙዎቹ የገጠር ካህናት ናቸው። ሙለር የውጭ አገር ሰው መሆኑና በሃይማኖት ጉዳይ ያለው ለዘብተኛ አቋም ጎዳው። ዲሴምበር 7 ቀን በተሰጠው ድምፅ ዊሊያምስ 833፣ ሙለር 610 አገኙ። በምርምር ብቻ ቢመዘን ኖሮ ውጤቱ ሌላ ይሆን ነበር ማለት ይቻላል፤ ነገር ግን የተሸናፊው ዝና የአሸናፊውን የኋላ ሥራ ሊያስረሳ አይገባም።

መዝገበ ቃላቱ

ትልቁ የሳንስክሪት–እንግሊዝኛ መዝገበ ቃላት በመጀመሪያ በ1872 ታተመ። ቃላቱ በሥራቸው ተሰብስበው የተቀመጡበት፣ ከግሪክ፣ ከላቲንና ከሌሎች ዘመድ ቋንቋዎች ጋር የተነጻጸሩበት ሥራ ነው። ብዙውን መረጃ ያገኙት ቦትሊንክና ሮት በሴንት ፒተርስበርግ ካሳተሙት ሰባት ቅጽ የጀርመንኛ መዝገበ ቃላት ነው፤ ከዚህም የተነሣ ከመጠን በላይ ቀድተዋል የሚል ክስ ቀርቦባቸዋል። ሁለተኛው እትም በኤርንስት ሎይማንና በካርል ካፔለር እርዳታ ተስፋፍቶ ወደ 180,000 ቃላት ያዘ። አዘጋጁ የመጨረሻዎቹን እርማቶች የፈጸሙት በፈረንሳይ ካን ከተማ ከመሞታቸው ጥቂት ቀናት በፊት ነው፤ መጽሐፉም በዚያው በ1899 ወጣ።

በ1875ና በቀጣዮቹ ዓመታት ወደ ሕንድ ተጉዘው በኦክስፎርድ የሕንድ ተቋም ለማቋቋም ድጋፍ አሰባስበዋል። የተቋሙ የመሠረት ድንጋይ በ1883 ተጣለ፣ ሕንፃውም በ1896 ተጠናቀቀ። የመጀመሪያ ስማቸውን ደግመው የቤተሰብ ስም ያደረጉት በ1887 ነው። ከዚያ በፊት ሞኒየር ዊሊያምስ ይባሉ ነበር።

ስሞችን ለማጣራት ያለው ጥቅም

ለወላጆች በሚዘጋጁ የስም ዝርዝሮች ብዙ ስሞች ከሳንስክሪት መጡ ተብሎ ይነገራል። የሞኒየር-ዊሊያምስ መዝገበ ቃላት ይህን ለመመርመር የሚያስችለው ለእያንዳንዱ ትርጉም የተገኘበትን ጽሑፍ በምሕጻረ ቃል ስለሚጠቁም ነው። ከሁሉ ይልቅ ሊስተዋል የሚገባው ኤል የሚለው የላቲን ፊደል ነው፤ ይህ ምልክት ቃሉ ወይም ትርጉሙ በጥንት ሕንዳውያን የቃላት ሰብሳቢዎች ዘንድ ብቻ የተመዘገበ፣ በታተመ ጽሑፍ ውስጥ ግን ያልተገኘ መሆኑን ያመለክታል። እንዲህ ያለ ትርጉም ይዞ ልጅን መሰየም ይቻላል፣ ግን ማስረጃው የሳሳ ነው።

ጥሩ ምሳሌ በሕንድ በጣም የተወደደው አራቭ የተባለ የወንድ ስም ነው። በብዙ ዝርዝሮች ሰላማዊ፣ ጸጥተኛ ተብሎ ይተረጎማል። በመዝገበ ቃላቱ አራቫ የሚለው ቃል በእርግጥ አለ፣ ትርጉሙ ግን ጩኸትና ድምፅ ነው። ስለዚህ ምንጩ እውነተኛ ሆኖ ትርጉሙ የተገለበጠ ነው። ማይራ የተባለውን የሴት ስም ደግሞ ውድ ማለት ነው የሚሉ አሉ፤ ስሙን ግን የፈጠረው የ16ኛው ክፍለ ዘመን እንግሊዛዊ ገጣሚ ፉልክ ግሬቪል ነው።

ፈላጊው ስሙን በላቲን ፊደል እንደተጻፈ ብቻ ቢፈልግ ይሳሳታል። በሳንስክሪት ረጅምና አጭር አናባቢ የተለያየ ቃል ያደርጋል፤ በሂንዲ የቃሉ መጨረሻ አናባቢ ስለሚጠፋም ራም የሚባለው ስም በመዝገበ ቃላቱ ራማ ሆኖ ነው የሚገኘው። የድምፅ መመሳሰልም ያሳስታል። በሳንስክሪት ካማላ የሎተስ አበባ ሲሆን በኢትዮጵያ የተለመደው ከማል ግን ፍጹምነትን ከሚያመለክት የዓረብኛ ሥር የመጣ ነው፤ ሁለቱ ዝምድና የላቸውም። በተቃራኒው ማንም የማይጠረጥራቸው የአማርኛ ቃላት ረጅም መንገድ ተጉዘው ከሕንድ መጥተዋል፦ ስኳር ከሻርካራ (መጀመሪያ ጠጠር ማለት ነበር)፣ ዝንጅብልም ከሽሪንጋቬራ፣ ሁለቱም በፋርስና በዓረብ በኩል።

አንድ ስም በመዝገበ ቃላቱ አለመገኘቱ ብቻውን ሐሰት አያደርገውም። ሳንስክሪት ቃላትን አጣምሮ አዲስ ቃል መሥራት የሚወድ ቋንቋ ስለሆነ ቅርብ ጊዜ የተገጣጠሙ ስሞች በ1899 እትም ሊኖሩ አይችሉም። እንዲህ ሲሆን ስሙን ከፋፍሎ እያንዳንዱን ክፍል ለየብቻ መፈለግ ያስፈልጋል። የኮሎኝ ዩኒቨርሲቲ መዝገበ ቃላቱን ወደ ኮምፒውተር ገልብጦ በነጻ ስላቀረበው ይህ ሥራ ዛሬ የጥቂት ደቂቃ ነው።