ከአርበኝነት ወደ ስቅላት፦ የደጃዝማች በላይ ዘለቀ ሕይወትና ፍጻሜ

ለአገሩ የተዋጋ ሰው በገዛ መንግሥቱ መቀጣቱ በልዩ ልዩ አገሮች ታሪክ የሚገኝ ክስተት ነው። በ1945 እ.ኤ.አ. በጠላት አውሮፕላን ከጀርመን ምርኮ ያመለጠው የሶቪየት አብራሪ ሚኻይል ዴቪያታዬቭ አገሩ ሲገባ የጠበቀው ጥርጣሬና ምርመራ ነበር። በጎጃም ይህ ዕጣ ጎልቶ የሚታየው በበላይ ዘለቀ ሕይወት ነው።

አባቱ ዘለቀ ላቀው በመንግሥት ወታደሮች ከተገደለ በኋላ በላይ ሸፈተ። ጣሊያን በ1928 ዓ.ም. አገሪቱን ስትይዝ በሽፍትነት ያካበተው የበረሃ ልምድና የተከታዮቹ ታማኝነት ለአርበኝነቱ መሠረት ሆኑት። አባ ኮስትር እየተባለ በብቸና ዙሪያና በዓባይ ሸለቆ ወራሪውን ተፋለመ። ሥልጣኑን ያገኘው በውርስ ወይም በሹመት ሳይሆን በውጊያ ነው። ለተከታዮቹ ከፍተኛ ማዕረጎችን ሲሰጥ ለራሱ ግን አንድም እንዳልወሰደ ይነገራል።

በ1933 ዓ.ም. ጣሊያኖች ደብረ ማርቆስን ለቀው ዓባይን ሲሻገሩ መንገዱን አልዘጋባቸውም ተብሎ ተጠረጠረ። ለወራሪው አድረው የነበሩት ራስ ኃይሉ ተክለ ሃይማኖት በጋብቻ ተስፋ አግባብተውታል የሚለው ወሬም ጥርጣሬውን አባባሰው። ከነጻነት በኋላ ደጃዝማች ተብሎ የብቸና ገዥ ሆነ፤ ነገር ግን ሌሎች የጎጃም አርበኞች ከእርሱ የበለጠ ሹመት በማግኘታቸው ቅር ተሰኘ። ከመንግሥት ጋር ተጋጭቶ በ1935 ዓ.ም. ሶማ በተባለው አምባ ተከበበና እጁን ሰጠ። የሞት ፍርዱ ወደ እስራት ቢለወጥለትም፣ ከእስር አምልጦ እንደገና በመያዙ በጥር 1937 ዓ.ም. አዲስ አበባ ውስጥ ተሰቀለ። ለጣሊያን ያደሩት ራስ ኃይሉ ግን በቁም እስር ከመቆየት በቀር በሞት አልተቀጡም።

ይህ ልዩነት የበላይን ውድቀት በውለታ ቢስነት ወይም በእልኸኝነት ብቻ ለማስረዳት እንደማይቻል ያመለክታል። ከጦርነቱ በኋላ የተቋቋመው አስተዳደር ሥልጣን ሁሉ ከዙፋኑ እንዲመነጭ ይሻ ነበር። ራስ ኃይሉ የራሳቸው ጦር የሌላቸው እስረኛ ነበሩ፤ በላይ ግን ያለ ዙፋኑ ፈቃድ ሕዝብ ያስከተለ የጦር መሪ ነበር። በወረራው ዘመን አርበኛ ያሰኘው ይኸው ራስን የቻለ ኃይል በሰላሙ ዘመን ዐመፀኛ አሰኘው። ዛሬ የተሰቀለባት ከተማ አንዱን መንገዷን በስሙ ትጠራለች።