ዮፍታሔ ንጉሤ

ዮፍታሔ ንጉሤ ጎጃም ውስጥ በደብረ ኤልያስ ተወልደው ቅኔ የተማሩ ደራሲ ነበሩ። አዲስ አበባ መምህር ሲሆኑ ተውኔት እየደረሱ ተማሪዎቻቸውን አጫወቱ፤ ከድርሰቶቻቸው አንዱ «የሆድ አምላኩ ቅጣት» ይባላል።

ተማሪዎች ሆይ፥ ከእናንተ አንዱ ለሆዱ ያደረ ሰው ሆኖ መድረክ ላይ ቢቆም፥ የሰውዬውን ምክንያት ተመልካች እስኪቀበለው ድረስ አሳምሮ መናገር ግድ ይሆንበታል። አንደበተ ርቱዕነት ሐሰትንም ሊያገለግል እንደሚችል ከዚህ ይልቅ የሚያስረዳ ትምህርት ከየት ይገኛል? ቅጣቱም ሲደርስ የሚቀበለው እርሱው ራሱ ነው።

በ1928 ዓ.ም. ፋሺስት ኢጣልያ አገራችንን በወረረች ጊዜ ዮፍታሔ ወደ ሱዳን ተሰደዱ። ስለዚያው መከራ በጻፉት «አፋጀሽኝ» ኢትዮጵያን በሴት መስለው አቀረቧት፤ የቅኔው ሰምና ወርቅ በመድረክም አልተለያቸውም። ከነጻነት በኋላ ወደ አገራቸው ተመልሰው በ1939 ዓ.ም. ዐረፉ።