ቀኝ ጌታ ዮፍታሔ ንጉሤ፤ ከቅኔ ቤት እስከ ትያትር መድረክ

በጥምቀት ዕለት በጎንደር ከተማ ከአፄ ፋሲል ጥምቀተ ባሕር አጠገብ ቆሞ፥ ደብተሮች መቋሚያቸውን አንሥተው ጸናጽል እያንሿሹ ከከበሮው ጋራ ሲያሸበሽቡ የተመለከተ ሰው፥ ትያትር ከባሕር ማዶ የመጣ እንግዳ ነገር ነው ቢሉት በሙሉ ልብ አያምንም። አለባበሱ፥ ዜማው፥ የእግሩ አረጋገጥ ሁሉ ሥርዓት አለው። ይህን ማንሣታችን ማሕሌቱን ከጨዋታ ለመቍጠር አይደለም፤ ዛሬ ታሪካቸውን የምንተርክላቸው ሰው ከዚሁ ትምህርት የወጡ ስለ ሆኑ ነው እንጂ።

ቀኝ ጌታ ዮፍታሔ ንጉሤ በዳግማዊ ምኒልክ ዘመነ መንግሥት በጎጃም፥ ደብረ ኤልያስ ተወለዱ። ጎንደር በአቋቋም እንደምትታወቅ ጎጃም በቅኔ የታወቀ ነው፤ ከስሜን ደጋ ሳይቀር ደበሎውን ለብሶ፥ አኵፋዳውን አንግቶ ቅኔ ፍለጋ ወደዚያ የሚወርደው ተማሪ ብዙ ነበር። ዮፍታሔ በተወለዱበት ደብር ቅኔውን ከተማሩ በኋላ ወደ አዲስ አበባ መጡ፤ በቅዱስ ጊዮርጊስ ትምህርት ቤትም አማርኛ አስተማሪ ሆኑ።

በዚያን ጊዜ ትያትር በአገራችን ገና ጀማሪ ነበር። በ1913 ዓ.ም. ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም የአውሬዎችን ተረት ወደ መድረክ አምጥተው ቢያሳዩ፥ ጨዋታው በሹማምንቱ ላይ የተሰነዘረ ነቀፋ መሆኑ ስለ ታወቀ ንግሥት ዘውዲቱ ከለከሉት። ከዚህም ሌላ፥ የጨዋ ልጅ በሕዝብ ፊት ወጥቶ ሌላ ሰው መምሰሉ የአዝማሪ ሥራ ነው ተብሎ ይናቅ ነበር። እንግዲህ የቤተ ክርስቲያን ሊቅ፥ የማዕርግ ስም ያለው ሰው፥ ይህን ሥራ በስሙ መያዙ ምን ያህል ድፍረት እንደ ጠየቀው አንባቢ ይገምት።

ዮፍታሔ ተጫዋቾቻቸውን ያገኙት ከተማሪዎቻቸው መካከል ነው። ሴት መድረክ ላይ ስለማትወጣ የሴቲቱንም ቦታ የሚጫወተው ወንድ ልጅ ነበር። ልጆቹን ቃል የሚያስጠኑት፥ አነጋገሩንና አካሄዱን የሚያሳዩት መምህሩ ራሳቸው ነበሩ፤ ዛሬ አዘጋጅ የምንለው ማለት ነው። ጥቅምት 23 ቀን 1923 ዓ.ም. ለተፈጸመው የዘውድ በዓል ትያትር ሲፈለግ፥ ከመላኩ በጎሰው ጋራ ሥራው የወደቀው በእርሳቸው ትከሻ ላይ ነው። በዜማ በኩል የረዷቸው በ1916 ዓ.ም. ከኢየሩሳሌም የመጡትን 40 የአርመን ልጆች ሙዚቃ ያስተማሩት ኬቮርክ ናልባንዲያን ነበሩ። «ኢትዮጵያ ሆይ ደስ ይበልሽ» የተባለው ብሔራዊ መዝሙር ዜማው የናልባንዲያን፥ ግጥሙ የዮፍታሔ ነው።

እውነቱን ለመናገር፥ እንደ «የሆድ አምላኩ ቅጣት» ያሉት ድርሰቶቻቸው ለዛሬ ተመልካች ይከብዳሉ። ሰዎቹ ከመነጋገር ይልቅ ይመክራሉ፤ ቃሉም እንደ ቅኔ ሰሙ ተገልጦ ወርቁ እስኪገኝ ጊዜ ይፈጃል። ነገር ግን በቀጥታ ቢናገሩት የሚያስቀጣ ነገር በሰምና ወርቅ ሊነገር እንደሚችል ከቅኔ ቤት ተማሪ የበለጠ ማን ያውቃል? እኔስ ይህን ክብደት እንደ ጉድለት ብቻ መቍጠር ይቸግረኛል።

ጠላት በ1928 ዓ.ም. አገሩን ሲይዝ ዮፍታሔ ወደ ሱዳን ተሰደዱ። የተመለሱት በ1933 ዓ.ም. ነው፤ አዲስ አበባ ነጻነቷን ስታከብር ጎንደር ግን እስከ ኅዳር 1934 ዓ.ም. ድረስ ገና በጠላት እጅ ነበረች። «አፋጀሽኝ» የተባለው ትያትራቸው ይህንኑ የመከራ ዘመን የሚያነሣ ነው።

ዕድሜ ግን አልሰጣቸውም፤ በ1939 ዓ.ም. ዐረፉ። ዛሬ ብሔራዊ ትያትር የሚባለው ትልቅ ቤት የተከፈተው በ1948 ዓ.ም. ስለ ሆነ፥ እርሳቸው ሳያዩት ቀሩ። ከድርሰቶቻቸውም ብዙዎቹ ሳይታተሙ ቀርተዋል፤ የሕይወታቸውንና የጽሑፋቸውን ታሪክ ደክሞ ያጠናው ባለቅኔው ዮሐንስ አድማሱ ነው። መዝሙሩ ግን ከዘውዱ በዓል ጀምሮ ከ40 ዓመት በላይ ሲዘመር ኖረ። አባቶቻችን ተማሪዎች ሳሉ፥ እዚህ ጎንደርም ቢሆን፥ ሰንደቅ ዓላማ ሲሰቀል በየማለዳው ተሰልፈው የሚዘምሩት ያንኑ ነበር፤ ማን እንደ ደረሰው ግን የሚጠይቅ ብዙ አልነበረም።